«ለሥራው አስፈላጊነት ሲባል ተዛውረዋል»፦ የዝውውር ደብዳቤን በሕግ መቃወም ይቻላል?

ጥያቄ፦ «አዲስ አበባ በሚገኝ አንድ የፌዴራል መሥሪያ ቤት በክፍያ ሂሳብ ባለሙያነት ዘጠኝ ዓመት አገልግያለሁ። ከሁለት ወር በፊት ደጋፊ ሰነዱ ባልተሟላ ክፍያ ላይ አልፈርምም በማለቴ ከዳይሬክተሬ ጋር ተጋጨን። ባለፈው ሳምንት ‹ለሥራው አስፈላጊነት ሲባል› ክፍለ ሀገር ወዳለ ቅርንጫፍ መዛወሬን የሚገልጽ ደብዳቤ ደረሰኝ፤ በአስር ቀን ውስጥ ሪፖርት እንዳደርግ ይላል። ደመወዜና ደረጃዬ አልተነካም። የሦስት ዓመት ልጅ አለችኝ፣ ባለቤቴም የሚሠራው እዚሁ ነው። ከስሼ ማስቆም እችላለሁ? ፍርድ ቤት እስኪወስን ድረስ ባልሄድስ?»

መልስ፦ እህቴ፣ ከመጨረሻው ጥያቄዎ ልጀምር፤ የሚቸኩለው እሱ ነውና። አይቅሩ። አስሩ ቀን ከማለቁ በፊት የሚያግድ ትእዛዝ በእጅዎ ካልገባ ሄደው ሪፖርት ያድርጉ። ዝውውሩን ይቀበሉ ማለቴ አይደለም፤ ተቃውሞዎን በጽሑፍ አስገብተው ይሂዱ ነው የምለው። ብዙ ሠራተኛ ሁለቱ አብረው የሚሄዱ አይመስለውም፤ «ከሄድኩማ ተስማማሁ ማለት ነው» ይላል። አይደለም። በጽሑፍ የተቃወመ ሰው አዲሱ ቦታ ላይ በመገኘቱ መብቱን አያጣም። በቃል ብቻ ተቃውሞ ቤቱ የተቀመጠ ግን ጥሩ ጉዳይ ይዞ ሊሸነፍ ይችላል።

አጥብቄ የምናገረው በዓይኔ ስላየሁት ነው። ከዓመታት በፊት አንድ የላቦራቶሪ ባለሙያ የዝውውር ደብዳቤውን ይዞ ቢሮዬ መጣ። የተዛወረበት ቅርንጫፍ ላቦራቶሪ የሚባል ነገር አልነበረውም። ይህን ያህል ግልጽ የሆነ ጉዳይ ለጠበቃ በየቀኑ አይመጣም። ግን ወደ እኔ የመጣው ደብዳቤው ከደረሰው ከሁለት ወር በኋላ ነበር፤ በዚያ ሁሉ ጊዜ «ለኃላፊው በቃል ነግሬዋለሁ» እያለ ወደ ሥራ አልወጣም። መሥሪያ ቤቱ በማስታወቂያ ጠርቶት ስላልቀረበ አገልግሎቱን አቋርጦበታል። ችሎት ስንቀርብ ስለ ላቦራቶሪው የጠየቀን ሰው የለም። የተጠየቅነው «ለምን ቀረህ?» የሚለውን ብቻ ነው። የዝውውር ጉዳይ የነበረው የመቅረት ጉዳይ ሆኖ አረፈው፤ ከሥራ መቅረት ደግሞ በራሱ አገልግሎት የሚያቋርጥ ምክንያት ነው።

በሌላም አገር ያለው አስተሳሰብ ይኸው ነው። ሕንድ ውስጥ በመንግሥት ሠራተኛ ዝውውር ላይ እጅግ ብዙ ተፈርዷል። የአገሪቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በ1989 ባየው የጉጃራት ኤሌክትሪክ ቦርድ ጉዳይ፣ ከሱራት ወደ ኡካይ የተዛወረ ሠራተኛ «አቤቱታ አስገብቻለሁ» ብሎ ሳይሄድ በመቅረቱ የደረሰበትን ስንብት አጽንቷል። አቤቱታ ማስገባት ብቻውን ትእዛዝን አያግድም፤ የሚያግደው የእግድ ትእዛዝ ነው። የሕንድ ፍርድ እኛን አያስገድድም፤ ዳኞች ይህን መሰል ጉዳይ እንዴት እንደሚያዩት ግን በደንብ ያሳያል።

አሁን ወደ ዋናው ነገር። «ማዛወር ይችላሉ ወይ?» ከሆነ ጥያቄው፣ ይችላሉ። ቀድሞ የነበረው አዋጅ ቁጥር 515/1999ም ሆነ እሱን የተካው የፌዴራል መንግሥት ሠራተኞች አዋጅ ቁጥር 1064/2010፣ መሥሪያ ቤት ለሥራው አስፈላጊ ሆኖ ሲያገኘው ሠራተኛውን ተመሳሳይ ደረጃና እኩል ደመወዝ ወዳለው ሌላ መደብ ወይም ሌላ የሥራ ቦታ እንዲያዛውር ይፈቅዱ ነበር። የሠራተኛውን ፈቃድም አይጠይቁም ነበር። በ2017 አዲስ አዋጅ ወጥቶ 1064ን ስለተካው፣ አቤቱታዎን ሲጽፉ ደብዳቤው በደረሰዎት ቀን በሥራ ላይ የነበረውን አዋጅ አንቀጽ መጥቀስዎን ያረጋግጡ፤ በተሻረ አንቀጽ የተጻፈ አቤቱታ ገና ሳይነበብ ይደክማል።

ስለዚህ «አዲስ አበባ የመሥራት መብት አለኝ» ብለው አይነሱ። እንዲህ ያለ መብት የለም፤ በዚህ መስመር የተከራከረ ሠራተኛ ሲያሸንፍ አላየሁም። የሚያዋጣው መስመር ሌላ ነው። የማዛወር ሥልጣን ለኃላፊው የተሰጠው ለሥራው ብሎ ነው። ለሥራው ካልሆነ፣ ለቂም ወይም ለማስፈራራት ከዋለ፣ ወረቀቱ ላይ ምንም ቢጻፍ ሥልጣኑ ከተሰጠበት ዓላማ ውጭ ውሏል። እርስዎ የሚያስረዱት «ሊያዛውሩኝ አይችሉም» የሚለውን ሳይሆን «ያዛወሩኝ ለሥራው አይደለም» የሚለውን ነው።

እዚህ ላይ የእርስዎ ጉዳይ ጠንካራ ክር አለው። የተተካው አዋጅ 1064 የዲሲፕሊን ቅጣቶችን በስም ቆጥሯቸው ነበር፦ የቃል ማስጠንቀቂያ፣ የጽሑፍ ማስጠንቀቂያ፣ የደመወዝ መቀጮ፣ ከደረጃና ከደመወዝ ዝቅ ማድረግ፣ ስንብት። ዝውውር እዚያ ዝርዝር ውስጥ አልነበረም፤ የአዲሱን አዋጅ ዝርዝርም ያመሳክሩ። ይህ ቀላል ነገር አይምሰልዎት። ሠራተኛ ጥፋት ፈጽሟል ከተባለ ክስ ይደርሰዋል፣ መልስ ይሰጣል፣ ማስረጃ ይሰማለታል፣ ከዚያ በኋላ ከተዘረዘሩት ቅጣቶች አንዱ ይወሰንበታል። ክስ ሳይቀርብበትና ሳይሰማ በዝውውር የተቀጣ ሠራተኛ ሕጉ በማያውቀው ቅጣት፣ ሕጉ በማያውቀው መንገድ ተቀጥቷል። በተገላቢጦሽ ደግሞ ያድርጉት፦ ኃላፊዎ በሰነዱ ላይ አለመፈረምዎን ጥፋት ነው ካለ ለምን በዲሲፕሊን አልከሰሰዎትም? ደጋፊ ሰነድ የጎደለውን ክፍያ አለማሳለፍ የክፍያ ሂሳብ ባለሙያ የሥራ ግዴታ ስለሆነ ክሱ አያዋጣውም። ይህን ጥያቄ በአቤቱታዎ ውስጥ በግልጽ ይጻፉት።

ሕንድን አንድ ጊዜ ብቻ ልጥራ፤ ይህኛው የሚረዳዎት ነው። እ.ኤ.አ. በ2009 በተፈረደ ጉዳይ አንድ የኤክሳይዝ መኮንን በስም አልባ ጥቆማ ተነስቶ ከቦፓል ወደ ሺሎንግ ተዛውሮ ነበር። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ትእዛዙ በቅጣት ምትክ የተሰጠ በመሆኑ ሕጋዊ መሠረት የለውም ብሎታል። ደስ የሚለኝ ነገር፣ የግል ጥላቻ በምስክር መረጋገጡን እንደ ግዴታ አለማስቀመጡ ነው፤ ትእዛዙ የቆመበት ምክንያት ለዝውውር ከሚፈቀደው ምክንያት ውጭ መሆኑ በቂ ሆኗል። ልዩነቱ ትልቅ ነው። ዳይሬክተርዎ ልቡ ውስጥ ምን እንዳለ ማንም አያስረዳም። የዝውውሩ ምክንያት «የሥራው አስፈላጊነት» አለመሆኑን ግን በወረቀት ማስረዳት ይቻላል።

ወረቀቱን አብረን እንየው። ደብዳቤውን ጠረጴዛ ላይ ዘርግተው ከላይ ይጀምሩ። ቁጥርና ቀን አለው? ቀኑን መዝገብ ቤት ከመዘገበበትና እርስዎ ፈርመው ከተቀበሉበት ቀን ጋር ያነጻጽሩ፤ የቅሬታ ጊዜዎ የሚቆጠረው ከደረሰዎት ቀን ስለሆነ የተቀበሉበትን ቀን ራስዎ ጽፈው ይያዙ። ቀጥሎ «ጉዳዩ» የሚለው መስመር፦ ዝውውር ይላል ወይስ ምደባ? ምደባ ወይም ድልድል ካለ ነገሩ ይለያል፤ መሥሪያ ቤቱ አዲስ መዋቅር ሲሠራ የሚደረግ ድልድል የራሱ መመሪያና የራሱ ቅሬታ ሰሚ አለው፤ በዝውውር አንቀጽ ቢከራከሩ መስመር ይስታሉ። የተዛወሩበት የሥራ መደብ መጠሪያ፣ ደረጃና የመደብ መታወቂያ ቁጥር ተጽፏል? ብዙ የቂም ዝውውር የሚጋለጠው እዚህ ጋ ነው። የመደብ ቁጥር የሌለው ዝውውር ማለት ቅርንጫፉ ውስጥ ክፍት መደብ ላይኖር ይችላል ማለት ነው። ከታች ፊርማው የማን ነው? የማዛወር ሥልጣን ያለው የመሥሪያ ቤቱ የበላይ ኃላፊ ወይም ውክልና የተሰጠው ሰው ነው፤ ያጋጨዎት ዳይሬክተር ራሱ ፈርሞ ከሆነ ውክልናው ይታይ። በመጨረሻ ግልባጩን ያንብቡ። የሚቀበልዎት ቅርንጫፍ ግልባጭ ካልደረሰው፣ ሰው ጠይቆ ነበር የሚለውን ማመን ይከብዳል።

ከደብዳቤው ውጭ ያለው ማስረጃ ደግሞ የቀን ቅደም ተከተል ነው። አንድ ወረቀት ወስደው በየቀኑ የሆነውን ይጻፉ፦ ሰነዱ የቀረበልዎት ቀን፣ አልፈርምም ያሉበት ቀን፣ ከዚያ የመጣ ሜሞ ወይም የቴሌግራም መልእክት፣ ስብሰባ ላይ የተባለ ነገርና የሰማ ሰው፣ የዝውውሩ ደብዳቤ ቀን። ያልፈረሙበትን ምክንያት በጽሑፍ ገልጸው ነበር? ካልሆነ አሁንም አልመሸም፤ ቅሬታዎ ውስጥ ሰነዱን በቁጥሩና በቀኑ ይግለጹት። ዋናውን ሰነድ ግን ከመሥሪያ ቤት ይዘው አይውጡ፤ በራስዎ ላይ የዲሲፕሊን በር ይከፍታል። ፍርድ ቤቱ እንዲያስቀርበው መጠየቅ ይቻላል።

ሌላው የማይረሳ ነገር፦ በእርስዎ ቦታ ማን ተተካ? ቅርንጫፉ ባለሙያ አንሶት ነበር የሚባል ከሆነ የጠየቀበት ደብዳቤ የት አለ? ከእርስዎ ጋር በእኩል ደረጃ ያሉ ስንት ሠራተኞች አሉ፤ ከእነሱ መካከል እርስዎ የተመረጡት በምን መስፈርት ነው? መሥሪያ ቤቱ የዝውውር መመሪያ ካለው ቅጂውን በጽሑፍ ይጠይቁ። በ2012 የወጣው የፌዴራል አስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183 የአስተዳደር ተቋም ውሳኔውን በምክንያት አስደግፎ በጽሑፍ እንዲሰጥ ይጠይቃል፤ «ለሥራው አስፈላጊነት» የሚሉ ሁለት ቃላት ምክንያት ሳይሆኑ የምክንያት ርዕስ ናቸው ብለው ለመከራከር ይጠቅምዎታል።

ስለ ልጅዎና ስለ ባለቤትዎ ያሉትን በቀላሉ አላልፈውም። የሦስት ዓመት ልጅ ጥሎ መሄድ ምን ማለት እንደሆነ ደንበኞቼ ሲያለቅሱ አይቻለሁ። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 34 ለቤተሰብ ጥበቃ ይሰጣል፤ በአንቀጽ 36 ደግሞ ሕፃናትን የሚመለከት እርምጃ ሲወሰድ የሕፃኑ ደህንነት በቀደምትነት እንዲታሰብ የአስተዳደር አካላትን ጭምር ያዛል። ይጥቀሷቸው። ነገር ግን ክርክርዎን በእነሱ ላይ ብቻ አያቁሙ። ቤተሰብ የሌለው ሠራተኛ ጥቂት ነው፤ ዳኛው «ታዲያ ማን ይዛወር?» ብሎ ማሰቡ አይቀርም። ቤተሰቡ ጉዳቱ ምን ያህል እንደሆነና እግድ ለምን እንደሚያስፈልግ ያሳያል፤ ዝውውሩን የሚያፈርሰው ግን የዓላማው መሳት ነው። ለመሥሪያ ቤቱ የበላይ ኃላፊ በሚጻፈው ቅሬታ ላይ ግን ቤተሰብን በሰፊው ይጻፉ፤ ኃላፊ እንደ ዳኛ በሕግ አንቀጽ አልታጠረም፣ ሊራራ ይችላል።

ጤና ከሆነ ነገሩ የተለየ ነው። እርስዎ አላነሱትም፣ ግን ይህን የሚያነብ ሌላ ሰው ሊኖር ይችላል። በሕክምና ማስረጃ በተመደበበት ሥራ ወይም ቦታ መሥራት እንደማይችል የተረጋገጠለት ሠራተኛ ወደሚስማማው ቦታ እንዲዛወር አዋጁ ራሱ ይደግፈዋል። አካል ጉዳተኛ የሆነ ሠራተኛ ደግሞ አዋጅ ቁጥር 568/2000ን ይያዝ፤ አድልዎ ደረሰብኝ ብሎ ሲከስ የማስረዳት ሸክሙን ከእሱ ላይ ያነሳለታል።

የሚሄዱበት መንገድ ይህ ነው። መጀመሪያ ቅሬታዎን በመሥሪያ ቤትዎ ለሚገኘው የቅሬታ አጣሪ ኮሚቴ በጽሑፍ ያቅርቡ። ኮሚቴው አጣርቶ የውሳኔ ሐሳብ ለበላይ ኃላፊው ያቀርባል። የኃላፊው ውሳኔ ካላረካዎት፣ ወይም መልስ ሳይሰጥ ጊዜው ካለፈ፣ ወደ መንግሥት ሠራተኞች የአስተዳደር ፍርድ ቤት ይግባኝ ይላሉ። የቅሬታ ደረጃውን ዘልለው ከሄዱ መዝገቡ ሊዘጋብዎት ይችላል። ከአስተዳደር ፍርድ ቤቱ በኋላ የሕግ ስህተት አለ በሚባልበት ነጥብ ወደ መደበኛ ፍርድ ቤት በይግባኝ ይኬዳል፤ መሠረታዊ የሕግ ስህተት ሲኖር ደግሞ ወደ ፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሰበር ሰሚ ችሎት። ፍሬ ነገሩ የሚያልቀው ታች ስለሆነ ማስረጃዎን ሁሉ ገና በመጀመሪያው ደረጃ ያያይዙ፤ «ለይግባኝ አስቀምጬዋለሁ» የሚባል ማስረጃ ሳይታይ ይቀራል። የይግባኝ ቀኖቹ ጥቂት ናቸው፤ ከጠበቃ ጋር በዚሁ ሳምንት ይቁጠሯቸው።

አስተዳደር ፍርድ ቤቱ ዘንድ ስትደርሱ የመሥሪያ ቤቱ ነገረ ፈጅ የመጀመሪያ ቃሉ የሚሆነው የመጀመሪያ ደረጃ መቃወሚያ ነው፦ «ዝውውር የአስተዳደሩ ሥልጣን ነው፣ ደመወዟም ደረጃዋም አልተነካም፣ ይህ ፍርድ ቤት ሊያየው አይችልም።» ብዙ አቤቱታ የሚወድቀው እዚህ ነው። የሚወድቀውም ጸሐፊው «ዝውውሩ ይሰረዝልኝ» ብሎ ብቻ ስለሚጽፍ ነው። የእርስዎ አቤቱታ ከመጀመሪያው መስመር ጀምሮ ይህ ዝውውር ያለ ክስና ያለ መሰማት የተወሰደ፣ ስሙ የተቀየረ የዲሲፕሊን እርምጃ ነው ማለት አለበት። የዳኝነት ጥያቄውም በቅደም ተከተል ይሁን፦ እርምጃው በሕግ ያልታወቀ ቅጣት ነው ተብሎ እንዲሻር፣ ይህ ቢታለፍ በቂ ምክንያት ሳይሰጥበት የተወሰነ በመሆኑ ወደ መሥሪያ ቤቱ ተመልሶ እንደገና እንዲታይ፣ እስከዚያው አፈጻጸሙ ታግዶ እንዲቆይ። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 37 በፍርድ ሊወሰን የሚገባውን ጉዳይ ሥልጣን ላለው አካል የማቅረብ መብት እንደሚሰጥም ይጨምሩ፤ መቃወሚያው ተቀባይነት ቢያገኝ ለሰበር መሠረት ይሆንዎታል።

እግዱን ለብቻው፣ በመሐላ ቃል አስደግፈው፣ አቤቱታው በሚገባበት ቀን ያመልክቱ። እግድ ሰጪው የሚመዝነው ሁለት ነገር ነው፦ ጉዳዩ የሚያከራክር ነጥብ አለው ወይ፣ ዛሬ ካልታገደ ነገ ሊጠገን የማይችል ጉዳት ይደርሳል ወይ። ሕፃኗ የምትገባው እዚህ ነው። በእርግጠኝነት ይሰጣል አልልዎትም፤ ዳኞች የመሥሪያ ቤትን ሥራ በእግድ ማቆም ይከብዳቸዋል።

ይህ ሁሉ ለፌዴራል መሥሪያ ቤት ሠራተኛ ነው። የክልልና የአዲስ አበባ አስተዳደር ሠራተኞች የየራሳቸው አዋጅ አላቸው፤ በክልል የሚሠሩ መምህራንና የጤና ባለሙያዎችም በዚያው ይዳኛሉ። ዳኞች፣ ዐቃብያነ ሕግ፣ ፖሊስና መከላከያ በልዩ ሕጎቻቸው ይሄዳሉ። የመንግሥት ልማት ድርጅት ሠራተኛ ደግሞ መንግሥት ባለቤቱ ቢሆንም የሚዳኘው በአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ነው። በተሳሳተው አዋጅ ወደ ተሳሳተው ችሎት ሄደው ወራት ያባከኑ ሰዎችን አውቃለሁ።

የሕዝብ እንባ ጠባቂ ተቋምንም አይርሱት። የአስተዳደር በደልን ያለ ክፍያ ይመረምራል፤ ከመሥሪያ ቤቱ ምላሽ ሲጠይቅ ሰነዶች ብቅ ይላሉ። በፍርድ ቤት የተያዘን ጉዳይ ስለማያይ ግን ለመሄድ ካሰቡ ክስ ከመመሥረትዎ በፊት መሆን አለበት፤ የይግባኝ ቀኑ እሱን እየጠበቁ እንዳያልፍ ይጠንቀቁ።

ስለ ጉዳይዎ ጥንካሬ የማስበውን ልንገርዎት። በሁለት ወር ውስጥ የተከተለው ዝውውር፣ ዘጠኝ ዓመት ያለ ጥፋት ማገልገልዎ፣ ያልፈረሙበትም ምክንያት ሕጋዊ መሆኑ አንድ ላይ ሲታዩ ሰው የሚሰማው ጉዳይ ነው። ቅርንጫፉ በእውነት ሰው ጠይቆ ከነበረና የጠየቀበት ደብዳቤ ከግጭታችሁ በፊት የተጻፈ ሆኖ ከተገኘ ግን በጣም ይዳከማል፤ ያን ጊዜ ከክርክር ይልቅ ለተወሰነ ጊዜ በትውስት ልሂድ፣ ወይም ቀረብ ያለ ቅርንጫፍ ልመደብ ብሎ መደራደር ይሻላል። ስለዚህ ከሁሉ በፊት ያንን ደብዳቤ ይፈልጉት።

ነገ ጠዋት መዝገብ ቤት የሚያስገቡት ጽሑፍ አጭር ይሁን። እንዲህ ብለው ይጻፉ፦ «በቁጥር … በቀን … የተጻፈው የዝውውር ደብዳቤ በቀን … ደርሶኛል። ዝውውሩ የሥራን አስፈላጊነት መሠረት ያላደረገ መሆኑን ስለማምን ቅሬታዬን ለቅሬታ አጣሪ ኮሚቴ አቅርቤአለሁ። በሕግ የመጠየቅ መብቴ እንደተጠበቀ ሆኖ፣ በደብዳቤው በተጠቀሰው ቀን በተመደብኩበት ቅርንጫፍ የምገኝ መሆኑን እየገለጽኩ፣ የዝውውሩ ዝርዝር ምክንያት፣ የተመደብኩበት የሥራ መደብ መታወቂያ ቁጥርና የመጓጓዣ ወጪዬ የሚሸፈንበት ሁኔታ በጽሑፍ እንዲገለጽልኝ እጠይቃለሁ።» በሁለት ቅጂ ያዘጋጁት። አንዱን ሰጥተው በሁለተኛው ላይ የገቢ ቁጥር፣ ቀንና ማህተም ሳያስመቱ ከመስኮቱ አይነሱ። አንቀበልም ካሉ በዚያው ቀን በፖስታ ቤት በአደራ ደብዳቤ ልከው ደረሰኙን ያስቀምጡ።